ዶሮ ያልገባበት ወጥ

ሰው ሦስት ዓመት ሙሉ በገዛ እጁ ሲሠራው የኖረውን ምግብ፣ እናቱ ፊት ሲቀርብ «አላውቀውም» የሚለው ምን ፈርቶ ነው?

የምሥራች ከእሑድ ወዲህ ይህን ጥያቄ ተሸክማ ትዞራለች። ሎስ አንጀለስ፣ ፌርፋክስ መንገድ ላይ በምትሠራበት የሐበሻ ሱቅ ሽሮ እየመዘነች ትጠይቀዋለች። እቃ እየደረደረች ትጠይቀዋለች። አንድ ሽማግሌ «ልጄ፣ ሚጥሚጣ ነው ያልኩሽ፤ ይሄ እኮ ኮረሪማ ነው» እስኪሏት ድረስ ትጠይቀዋለች። መልስ ግን የላትም። መልሱን የሚያውቀው አንድ ሰው ብቻ ነው፤ እሱ ደግሞ ስልኩን አያነሳም።

እሑድ ጠዋት ደስተኛ ነበረች። በእህቷ በእታለም ወጥ ቤት ቆማ አሥራ ሁለት እንቁላል ቀቅላ ትልጥ ነበር። እታለም በአሥራ አራት ዓመት ትበልጣታለች፤ ወደ ሎስ አንጀለስ ያመጣቻት እሷ ናት፤ ቤቱም የእሷ፣ የቤቱ ሕግም የእሷ ነው። በወንጌላውያን ቸርች መዘምራን ውስጥ ስለምትዘምር እሑድ ቤት ቀርታ አታውቅም። ያን ቀን ግን ቀረች። ቀርታም የወጥ ቤቱ በር ላይ እጇን አጣጥፋ ቆመች።

«እንቁላል?» አለች። «ለአማት እንቁላል? ምነው፣ እንግዶቹ ታመዋል?»

«ይቀቀላል። ከዚያ ቆዳው እስኪኮማተር በዘይት ይጠበሳል። ከዚያ በቀይ ቃሪያ ይሠራል።»

«ይቀቀላል፣ ይጠበሳል፣ ደግሞ ይሠራል። ምን አጥፍቶ ነው ይሄ ሁሉ ቅጣት?»

የምሥራች ሳቋን ዋጠች። «ሥጋ ብሠራ እነሱ የእኛን አይበሉም። ከእነሱ ሥጋ ቤት ገዝቼ ብሠራ አንቺ አትነኪውም። እንቁላል ግን ማንም አያርደውም፤ ማንም ቢስሚላህም፣ በስመ አብም አይልበትም።»

«እሱን እኮ ነው የምልሽ!» እታለም ከበሩ ተነቅላ ወደ ምድጃው መጣች። «ሥጋ አብረሽ የማትቆርጪውን ሰው ምን ብለሽ ታገቢዋለሽ? ለሠርግሽ ሁለት ድስት፣ ሁለት ወጥ ሠሪ፣ ሁለት ጠረጴዛ። ልጅ ስትወልጂስ? የማንን ልታበዪው ነው? ታዲያ ዕድሜ ልክሽን እንቁላል?»

«ሦስት ዓመት በልቼ አልሞትኩም።»

«አልሞትሽም፤ ግን ምን እንደነካሽ አላውቅም።»

የምሥራች ወደ እንቁላሎቹ ተመለሰች። እታለም ስለዚያ ሦስት ዓመት የምታውቀው ጥቂት ነው። የምሥራችና ልታገባው ያሰበችው ኑሩ የተገናኙት ኢንዶኔዥያ፣ ጆግጃካርታ፣ ባጭሩ ጆግጃ፣ በምትባል ከተማ ነው። ሁለቱም ከአዲስ አበባ በስኮላርሺፕ ሄደው አንዲት አሮጊት ለተማሪ በምታከራየው ቤት ተከራይተው ነበር፤ እሷ ታች፣ እሱ ፎቅ፣ ወጥ ቤቱ ግን አንድ። በዚያ ከተማ ሥጋው ሁሉ የእስላም ሥጋ ነው። የምሥራች በአስተዳደጓ እንደለመደችው አልበላም አለች፤ በሩዝና በጎመን ከረመች። ኑሩ ያሻውን መብላት ይችል ነበር፤ ሃይማኖቱ የሚከለክለው ምንም ነገር አልነበረም። በሦስተኛው ሳምንት ግን ሳህኑን ገፋ አደረገና፣ «አንቺ የማትበዪውን ፊትሽ ቁጭ ብዬ አልበላም» አለ። ከዚያ ቀን ጀምሮ አብረው በሚበሉበት ገበታ ላይ ሥጋ ነክቶ አያውቅም።

እንቁላሉን ያስተማረቻቸው ያቺ አከራያቸው ናት። ቃሪያውን፣ ቲማቲሙን፣ ቀይና ነጭ ሽንኩርቱን በድንጋይ ሙቀጫ የሚወቅጠው ኑሩ ነበር። እየወቀጠ ያለቅሳል፤ የምሥራች ትስቃለች። ጠዋት ጠዋት በሯ ሥር ወረቀት ታገኛለች፦ «ዛሬም ማልቀስ አምሮኛል። እንቁላል ግዢ።» ፍቅራቸውን የተነጋገሩበት ቀን ትዝ አይላትም፤ ወረቀቶቹን ግን አንድም ሳትጥል እስከ ፌርፋክስ ይዛቸው መጥታለች።

አሁን ሙቀጫ ስለሌላት ቃሪያውን በብሌንደር ፈጨችው። ቅባቱ እስኪለይ አቁላላችው፤ ጥቂት ስኳርና የሎሚ ቅጠል ጨመረች። የተጠበሰውን እንቁላል ከመጨመሯ በፊት ደግሞ እጇ በራሱ ቢላ አነሳና እያንዳንዱን እንቁላል ጎንና ጎኑን በረጅሙ ጫር ጫር አደረገው፤ ቅመሙ እንዲገባበት። አከራያቸው እንዲህ አታደርግም ነበር። ይህን ያስተማረቻት የገዛ እናቷ ናት፤ በበዓል ዋዜማ፣ ለሌላ ወጥ። የምሥራች ልብ አላለችውም።

የበሩ ደወል ሲጮኽ ሩዙ በትሪ ላይ ነበር። ልትከፍት ሮጠች።

ወይዘሮ ዙሌይካ፣ የኑሩ እናት፣ ቀድመው ገቡ። አጭር፣ ቀጥ ያሉ፣ ጥቁር አረንጓዴ ሻርፕ የተከናነቡ ሴት ናቸው። ባላቸው ከሞቱ በኋላ መርካቶ በርበሬ ተራ ሃያ ሁለት ዓመት በርበሬ ሸጠው ኑሩን ብቻቸውን አሳድገዋል፤ አሁን ከሎስ አንጀለስ አጠገብ ባለችው ጋርዴና ከልጃቸው ጋር ይኖራሉ። ከኋላቸው ወንድማቸው ጋሼ አብዱ ገቡ፤ ነገር ሁሉ በቀልድ የሚያልፍ የሚመስላቸው ሰው ናቸው። አመጣጣቸው ለመተያየት ነው። ወይዘሮ ዙሌይካ ልጅቷን ወደው፣ ገበታዋን ቀምሰው ከወጡ፣ በሚቀጥለው ወር ሽማግሌ ይላካል። ካልወደዱ አይላክም። ይህን ለየምሥራች የነገራት ኑሩ ነው፤ «እናቴ እሺ ካላለች እኔ አልችልም» ብሎ። እሷም እንዲህ ያለውን ልጅ ነበር የወደደችው፤ ያኔ እናቱን መውደዱ ለእሷ ጥሩ ነገር መስሏት ነበር።

ኑሩ መኪናውን ፓርክ አድርጎ መጨረሻ ላይ ገባ። አየት አደረጋት። በዚያ እይታ ውስጥ ጆግጃም፣ ወረቀቶቹም፣ ያ ሁሉ ሳቅም ነበረ።

«ግቡ፣ ግቡ፣ እንደ ቤታችሁ!» እታለም ለእንግዳ ብቻ የምታወጣውን ፈገግታ ለብሳ ብቅ አለች። «ማዕዱ ቀርቧል።»

የምሥራች ዞር ስትል ጠረጴዛው ላይ ሩዝ የለም። ቀይ ወጡ ትልቅ ትሪ ሙሉ እንጀራ ላይ ተገልብጧል፤ አሥራ ሁለቱ የተሰነጠቁ እንቁላሎች ዙሪያውን ተኮልኩለዋል።

«እታለም፣ ሩዙስ?» አለች በሹክሹክታ።

«ለአማት ሩዝ? ሩዝ አበሉን ብለው ጋርዴናን ሁሉ እንዲያዳርሱት?»

ሁሉም እጁን ታጠበ። ወይዘሮ ዙሌይካ «ቢስሚላህ» ብለው እጃቸውን ወደ ትሪው ዘረጉ። እጃቸው ግን እንጀራው ጋ ሳይደርስ አየር ላይ ቆመ። ትሪውን ዙሪያውን አዩት። ከዚያ ቀስ ብለው፣

«ዶሮው የት ሄደ?» አሉ።

«በረረ!» አሉ ጋሼ አብዱ። ማንም አልሳቀም።

«ዶሮ የለበትም እትዬ ዙሌይካ» አለች የምሥራች። «ዶሮ ወጥ አይደለም። የኢንዶኔዥያ ምግብ ነው፤ ሥጋ ጭራሽ አይገባበትም። ለእርስዎ ብዬ ነው...»

«ልጄ፣ እኔ ዶሮ ወጥ አላውቅም?» ድምፃቸው አልጮኸም፤ ባይጮኽም ክፍሉን ሞላው። «እንጀራ ላይ ነው። ቀይ ነው። እንቁላሉ አሥራ ሁለት ነው፤ ጎኑም ተሰንጥቋል። ዶሮው ብቻ ነው የሌለው። ሥጋውን አውጥታችሁ መረቁን አቀረባችሁልን?»

«በጌታ ስም!» አለች እታለም።

«የክርስቲያን ሥጋ አልበላም ማለቴ ንቀት አይደለም፤ ያደግኩበት ነው። እናንተም የእኛን አትበሉም፤ አልቀየማችሁም። መርካቶ ጎረቤቶቼ ክርስቲያን ነበሩ፤ ለበዓላቸው ሲጠሩኝ ለእኔ በንጹሕ ድስት ሽሮ ይሠሩልኝ ነበር። አክብረውኝ ነው። ሥጋ ደብቆ መረቅ ማብላት ግን ...» ቃሉን አልጨረሱትም።

የምሥራች ፊቷ ጋለ። አልፈራችም ግን፤ ምስክር ነበራታ። ምስክሯ ፊት ለፊቷ ተቀምጧል።

«ኑሩ ያውቀዋል» አለች። «ጆግጃ እያለን የምንበላው እኮ ይህን ነው። ኑሩ፣ ንገራቸው።»

ሁሉም ወደ ኑሩ ዞሩ። ኑሩ የሚያየው እንቁላሎቹን ነበር። የጆሮው ጫፍ ቀላ። አንድ ጊዜ ቀና ብሎ የምሥራችን አያት፤ በዚያ እይታ ውስጥ ልመና ነበረ፤ እሷ ግን ልመናው ምን እንደሆነ አልገባትም።

«ታውቀዋለህ?» አሉት እናቱ።

«አላውቀውም፣ እማ» አለ ኑሩ። «እንዲህ ያለ ነገር በልቼ አላውቅም።»

ወይዘሮ ዙሌይካ ወዲያው አልተነሱም። ወደ ትሪው ጎንበስ ብለው አሸተቱ። ከሚያስፈልገው በላይ ቆዩ። ከዚያ ልጃቸውን ረጅም ጊዜ አዩትና ሻርፓቸውን አስተካክለው ተነሡ።

«እንሂድ አብዱ።» ኑሩም አንገቱን ደፍቶ ተከተላቸው።

«እዚህ ቤት ሰው አይታለልም!» እታለም ተከትላቸው ወጣች። የእህቷን ፍቅር ስትቃወም የከረመችው ሴት አሁን ደረጃው ላይ ቆማ ለእህቷ ክብር ትጮኽ ነበር። «ዶሮ ቢኖርበት ዶሮ አለበት እንላለን! አንዋሽም! ሰምታችኋል? አንዋሽም!»

ተመልሳ መጥታ ተቀመጠች። እያለከለከች አንዱን እንቁላል በእንጀራ ጠቅልላ ጎረሰች።

«ሲጣፍጥ፣ እሳት ይብላው» አለች። ከዚያ እህቷን አየቻትና ዓይኗ እንባ ሞላ።

የምሥራች ግን አላለቀሰችም። ትሪውን አንስታ ወደ ማጠቢያው ሄደች። እጇ በቃሪያው ይቃጠል ነበር፤ ከጆግጃ ወጥተው እዚህ እስኪገናኙ ሁለት ዓመት ሙሉ ተራርቀው፣ በስልክ ብቻ ሲነጋገሩ እንኳ ኑሩ እንዲህ ርቋት አያውቅም።

ረቡዕ ከሰዓት በኋላ ነጭ ቫን ከሱቁ ፊት ለፊት ቆመ። ኑሩ ጋርዴና ካለ መጋዘን እቃ የሚያደርስበት መኪና ነው። ኢንጂነር ሆኖ ከተመረቀ በኋላ በዚህ አገር ያገኘው ሥራ ይህ ነው። የምሥራች ሽርጧን ሳታወልቅ ወጥታ ከጎኑ ተቀመጠች።

«ሦስት ቀን» አለች።

«ምን ብዬ ልደውል?»

«አላውቀውም ለማለት ቃል አላጣህም።»

ኑሩ መሪውን በሁለት እጁ ያዘ፤ መኪናው ግን ቆሟል። «የምሲ፣ ስሚኝ። ለእናቴ ከሙስሊም ተማሪዎች ጋር ነው የምኖረው ብያታለሁ። ገና በመጀመሪያው ሳምንት። አንድ ቤት ከሴት ጋር፣ ያውም ከክርስቲያን ሴት ጋር፣ በአንድ ድስት እንደምንበላ ብነግራት አገር ጥዬ ልምጣ ትል ነበር። በየጁምዓው እየደወለች ‹ከማን እጅ ነው የበላኸው?› ትለኛለች። እኔ ‹ከጓደኞቼ› እላታለሁ። ሦስት ዓመት። እሑድ ‹አውቀዋለሁ› ብል ሦስቱም ዓመት ይወጣል።»

«ሦስቱ ዓመት እኔ ነኝ፣ ኑሩ።»

«አውቃለሁ።»

«አታውቅም። እዚያ ገበታ ላይ እንቁላሉን አይደለም አላውቀውም ያልከው።»

አውቶቡስ እየተነፈሰ አጠገባቸው ቆመና ሄደ። ኑሩ ከኪሱ በአራት የታጠፈ ወረቀት አወጣ። የምሥራች ልቧ ዘለለ፤ ከጆግጃ ወዲህ በእጁ የጻፈላት ወረቀት አይታ አታውቅም። የእሱ እጅ ጽሑፍ ነው፤ ወደ ቀኝ ያዘነበለው፣ ‹ለ›ውን የሚያስረዝመው። ቀና ብሎ አያት፤ ይቅርታ ይሆናል ብላ ገለጠችው።

«እትዬ ዙሌይካ፣» ይላል፤ «እሑድ ስላቀረብኩት ምግብ ይቅርታ እጠይቃለሁ። ዶሮ ነበረበት። ሥጋውን ያወጣሁት ባለማወቅ ነው። ነውር መሆኑ አሁን ገብቶኛል። እንደ ልጅዎ ቆጥረው ይቅር ይበሉኝ።»

የምሥራች ሁለት ጊዜ አነበበችው።

«ይሄ ምንድነው?»

«ትደውዪላታለሽ። ይህን ትያታለሽ። ይቅር ትልሻለች፤ ወላሂ ይቅር ትልሻለች፤ ባለማወቅ ለተደረገ ነገር እናቴ ቂም አትይዝም። ጋሼ አብዱም ‹ይቅርታ ከጠየቀች ሽማግሌው ይሄዳል› ብለዋል። አንድ ስልክ ነው የምሲ። የሁለት ደቂቃ ስልክ። ከዚያ ሁሉም ያልፋል፤ እንጋባለን።»

«ያልሠራሁትን ሠራሁ ልበል?»

«ትንሽ ነገር ነው።»

«ትንሽ?» ድምፅዋ ተሰነጠቀ። «እንግዳ ጠርቼ፣ የማይበሉትን ደብቄ ላበላቸው ሞከርኩ ብዬ በአፌ ልናገር? እናትህ ዕድሜ ልካቸውን ከእጄ ውኃ ሲቀበሉ ምን እያሰቡ እንዲጠጡ ነው? የምወልደው ልጅ አያቱ ቤት ሄዶ ምን እንዲሰማ? እታለም ደረጃው ላይ ‹አንዋሽም› ብላ የጮኸችው ለማን ነው?»

«እኔን ውሸታም ከምታደርጊኝ...»

«አንተ እኮ ውሸታም ነህ!»

ኑሩ እንደተመታ ሰው ፊቱን አዞረ። ቆይቶ፣ በጣም ቀስ ብሎ፣ «ላንቺ ብዬ ሥጋ ትቻለሁ» አለ።

ይህን ማለት አልነበረበትም። የምሥራች ያቺን ስጦታ ይህን ሁሉ ዓመት እንደ ጌጥ አንገቷ ላይ አድርጋት ኖራለች፤ አሁን እንደ ውለታ ሲቆጠርባት ከአንገቷ ተበጥሳ የወደቀች መሰላት።

«አልጠየቅሁህም ነበር» አለች። «አሁን ግን አንድ ነገር እጠይቅሃለሁ። አንድ ቃል። ‹አውቀዋለሁ› በላቸው።»

«እስከ ዓርብ ደውዪላት» አለ ኑሩ። «እባክሽ።»

ከመኪናው ወረደች። ወረቀቱ እጇ ላይ ነበር። መጣል አልቻለችም፤ የእሱን እጅ ጽሑፍ ጥላ አታውቅምና። ይህን ድክመቷን ከእሱ በላይ ጠላችው።

ሐሙስ በምሳ ሰዓት ከሱቁ ጀርባ፣ የእቃ ሳጥኖች መሃል ተቀምጣ ደወለች። ወረቀቱ ጉልበቷ ላይ ተዘርግቷል። አነባዋለሁ፣ አላነበውም ስትል ስልኩ ተነሣ።

«እትዬ ዙሌይካ፣ የምሥራች ነኝ።»

«አውቄሻለሁ። እንደምን ነሽ?»

«እግዚአብሔር ይመስገን። እርስዎ ደህና ነዎት?»

«አልሐምዱሊላህ።» የሚጠብቁትን እየጠበቁ ነበር።

የምሥራች ወረቀቱን አየች። የመጀመሪያውን ዐረፍተ ነገር አነበበችላቸው። «እሑድ ስላቀረብኩት ምግብ ይቅርታ እጠይቃለሁ።» ይህ እውነት ነበር፤ ስለ እንጀራው፣ ስለ ቢላው፣ ሳታስብ ስላስደነገጠቻቸው ከልቧ አዝናለች። ሁለተኛውን ጀመረች። «ዶሮ...» አለችና ቆመች። ትንፋሽ ወሰደች። «ዶሮ አልነበረበትም፣ እትዬ ዙሌይካ። በምወዳት እናቴ አፈር እምልልዎታለሁ። አልነበረበትም።»

ወይዘሮ ዙሌይካ ሳይቆጡ፣ «አውቃለሁ» አሉ።

የምሥራች የሰማችውን አላመነችም። «ምን አሉኝ?»

«አውቃለሁ አልኩሽ። ሃያ ሁለት ዓመት በርበሬ ሸጫለሁ። ጎንበስ ብዬ ሳሸት በርበሬም የለው፣ ቂቤም የለው፣ ዶሮም የለው። የማላውቀው ቅጠል ሸተተኝ። ልጄን ደግሞ ከበርበሬ በላይ አውቀዋለሁ። ‹አላውቀውም› ሲል ጆሮው ቀላ። ልጅ ሆኖ ስኳር ሰርቆ ሲበላም እንዲሁ ነበር የሚቀላው።»

«ታዲያ ... ታዲያ ለምን ተነሥተው ሄዱ?»

«ቃሉ ከአፌ ወጥቶ ነበር። ወንድሜ ሰምቷል። በማግሥቱ ዘመድ ሁሉ ሰማ። ተሳስቻለሁ ብል ልጄ ዋሸ ማለት ነው። ልጄ ዋሸ ማለት ደግሞ ሦስት ዓመት የት ነበር ማለት ነው። አባት የሌለው ልጅ ነው ያሳደግኩት፤ የሰው ዓይን ሁሉ እሱ ላይ ነው። ለእኔ ሲል የዋሸውን ልጅ አደባባይ ላይ ላሳፍረው?»

«እኔስ?» አለች የምሥራች። ሌላ ቃል አልመጣላትም። «እኔስ?»

ወይዘሮ ዙሌይካ ሲናገሩ ድምፃቸው ውስጥ ጭካኔ አልነበረም፤ ያ ነው የከፋው። «አንቺ ጠንካራ ልጅ ነሽ። አይቼሻለሁ። አንቺ ‹ነበረበት› ብትይ ሁላችንም እንድናለን። እኔም ክፉ አልሆንብሽም፤ በቤቴ ማንም በዚህ ነገር ቀና ብሎ እንዲያይሽ አልፈቅድም። እኔም ባሌ ቤት ስገባ ያላጠፋሁትን አጥፍቻለሁ ብያለሁ። ሴት ቤት የምትሠራው እንዲህ ነው።»

«እርስዎ ሲሉ ባልዎ እውነቱን ያውቁ ነበር?»

«... አያውቅም ነበር።»

«ኑሩ ያውቃል» አለች የምሥራች። «ልዩነቱ እሱ ነው እትዬ ዙሌይካ። እያወቀ ነው ወረቀቱን የጻፈልኝ።»

«የምን ወረቀት?»

የምሥራች መልስ ልትሰጥ አፏን ከፈተች። ልታነብላቸው ትችል ነበር፤ እያንዳንዱን ቃል፣ ወደ ቀኝ ያዘነበለውን እያንዳንዱን ፊደል። ሴትየዋ በስልኩ ውስጥ ሲተነፍሱ ትሰማለች። ያን ትንፋሽ ስትሰማ ግን ከእሳቸው ጋር ምንም ጠብ እንደሌላት ገባት። እሳቸው ልጃቸውን ከሰው አፍ እየጠበቁ ነው። እሷን የሚጠብቃት ሰው ነው የጠፋው።

«እሱን ይጠይቁት» አለች። «ደህና ይሁኑ።»

ስልኩን ዘጋች። ይህን ሁሉ ዘመን በውስጧ የነበረው ሙቀት ወዴት እንደሄደ ስትፈልገው ቦታው ላይ የተቀመጠው ቁጣ ብቻ ነበር፤ ንጹሕ፣ ጸጥ ያለ፣ የራሷ የሆነ ቁጣ።

ሳጥኖቹ መሃል እንደተቀመጠች እንዲህ ብላ ጻፈችለት፦

«ኑሩ፣ ለእናትህ ደውዬ ዶሮ አልነበረበትም ብያቸዋለሁ። ያውቃሉ። እሑድም ያውቁ ነበር፤ አንተ መዋሸትህንም ያውቃሉ። ስለዚህ ከእንግዲህ ከእሳቸው የምትደብቀው ነገር የለም፤ የቀረው የአንተ ድፍረት ብቻ ነው። ነገ ከሥራ ስወጣ እቤት እሆናለሁ። እናትህንና ጋሼ አብዱን ይዘህ ና፤ እታለም ባለችበት ‹ዋሽቻለሁ› በል። ሌላ ምንም አልፈልግም። ይህን ካልክ ሃይማኖቱንም፣ ዘመዱንም፣ የሰውንም አፍ አብሬህ እችላለሁ፤ አንድም ቀን አላነሳብህም። ትመጣለህ?»

ላከችው። ከፊት በኩል ደንበኛ ጠራት፤ ተነሥታ ሄዳ ጤፍ መዘነች፣ ሒሳብ ተቀበለች፣ መልስ ሰጠች፣ አንዲት እናት ስለ ልጃቸው ምርቃት ሲነግሯት እንኳን ደስ ያለዎት አለች። ሲሄዱ ስልኳን አየች። አንብቦታል። ካነበበው አርባ ደቂቃ ሆኖታል።

መልስ አልመጣም። ያን ቀን አልመጣም፤ ዓርብም አልመጣም፤ ከዚያም በኋላ አልመጣም።